እንባውን ያልደበቀው ሻምፒዮን

ባለፈው እሑድ የአሥራ አንድ ዓመት ልጄ ከሰፈር የኳስ ግጥሚያ ተሸንፎ መጣ። ጫማውን እንኳ ሳያወልቅ ፊቱን ወደ ግድግዳ አዙሮ ማልቀስ ጀመረ። ከአፌ ቀድሞ የወጣው አባቴ ለእኔ ይለኝ የነበረው ቃል ነው፦ «ተው! ወንድ ልጅ አያለቅስም።» ልጁ ዝም አለ። ዝም ያለው ግን ሐዘኑ ወጥቶለት አልነበረም፤ እኔን ፈርቶ ነው። ማታ ቤተሰቡ ሁሉ ከተኛ በኋላ ይህ ነገር እንቅልፍ ነሳኝ። ያን ጊዜ አንድ ፎቶግራፍ ትዝ አለኝ።

ፎቶግራፉ የተነሣው በሴፕቴምበር 2022 ለንደን ውስጥ ነው (እዚህ የምጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው)። ሁለት ጎልማሶች አግዳሚ ወንበር ላይ ጎን ለጎን ተቀምጠዋል። ሁለቱም ያለቅሳሉ። እጅ ለእጅም ተያይዘዋል። አንዱ ስዊዘርላንዳዊው የቴኒስ ተጫዋች ሮጀር ፌደረር ነው፤ ዕድሜው 41፣ የመጨረሻ ጨዋታውን ገና መጨረሱ ነበር። ሌላው ስፔናዊው ራፋኤል ናዳል ነው። እነዚህ ሰዎች 40 ጊዜ ተጋጥመዋል፤ ናዳል 24 ጊዜ፣ ፌደረር 16 ጊዜ አሸንፏል። ፌደረርን እንደ ናዳል ያስለቀሰው ተጋጣሚ ያለ አይመስለኝም። በዚያች ሌሊት ግን በጥንድ አብረው ተጫውተው፣ አብረው ተሸንፈው፣ አብረው አለቀሱ።

ስለ ፌደረር ሲወራ መጀመሪያ የሚነሣው ቁጥሩ ነው። 20 የግራንድ ስላም (የአራቱ ታላላቅ የቴኒስ ውድድሮች) ዋንጫ፣ 103 የነጠላ ውድድር ድል፣ በጠቅላላው 310 ሳምንት የዓለም አንደኛ፤ ከዚህ ውስጥ 237ቱ ሳምንት ያለማቋረጥ። ከአራቱ አንዱ የሆነውን ዊምብልደንን ብቻ 8 ጊዜ አሸንፏል። በግራንድ ስላም ዋንጫ ብዛት ናዳልና ሌላው ተፎካካሪው ጆኮቪች በኋላ በልጠውታል። እኔን የያዘኝ ግን ሌላ ነገር ነው። የዚህን ሰው የስፖርት ሕይወት ከዳር እስከ ዳር ብትከተሉት መንገዱ ሁሉ በእንባ የራሰ ነው። እንባው እንዴት እንደተለወጠ ማየት ደግሞ ከዋንጫዎቹ የበለጠ ያስተምራል።

የተወለደው በ1981 ባዝል ከተማ ነው። አባቱ ስዊዘርላንዳዊ፣ እናቱ ደቡብ አፍሪካዊት ናቸው። ዛሬ ዓለም የሚያውቀው ያ እርጋታ በልጅነቱ በአጠገቡም አላለፈም። ሲሸነፍ ያለቅሳል፤ ኳስ ሲበላሽበት ይጮኻል፣ ይሳደባል፣ ራኬቱን ይወረውራል። በ14 ዓመቱ ከቤቱ ርቆ ፈረንሳይኛ ወደሚነገርበት ወደ ኤኩብለን ማሠልጠኛ ሲገባ ቋንቋው አስቸገረው፤ ናፍቆቱም ጸናበት። በኋላ ማሠልጠኛው ወደ ቢል ከተማ ሲዛወር፣ አንድ ቀን በንዴት የወረወረው ራኬት የአዳራሹን አዲስ መጋረጃ ቀደደው። ቅጣቱ ለአንድ ሳምንት ማልዶ እየተነሣ ሽንት ቤት ማጽዳት ሆነ። ጠዋት አልጋውን የሚወድ ልጅ ስለነበር ቅጣቱ ሁለት እጥፍ ነበር።

እስኪ ልብ በሉ። ያ ልጅ እንባ አላነሰውም፤ ቁጭትም ሞልቶት ነበር። የጎደለው ጊዜውን ማወቅ ነው። ጨዋታው ሳያልቅ በልቡ ያለውን ሁሉ ሜዳው ላይ ያፈስሰዋል፤ ለሚቀጥለው ኳስ የሚተርፍ ኃይል አይኖረውም። ወላጆቹና አሠልጣኞቹ ደጋግመው መከሩት። በ2001 ዊምብልደን ላይ፣ ገና በ19 ዓመቱ፣ ያን ውድድር ሰባት ጊዜ ያሸነፈውን ፒት ሳምፕራስን በአምስት «ሴት» (የቴኒስ ጨዋታ የሚከፈልባቸው ክፍሎች) ጣለው። ዓለም «ተተኪው መጣ» አለ። በማግሥቱ ዓመት ግን እዚያው ዊምብልደን የመጀመሪያውን ዙር እንኳ አላለፈም። ተሰጥኦው ባክኖ ይቀር ይሆን የሚሉ ሰዎች በዙ።

በዚያው 2002 ኦገስት ላይ፣ 21 ዓመት ሊሞላው ቀናት ሲቀሩት፣ የልጅነት አሠልጣኙ ፒተር ካርተር በደቡብ አፍሪካ በመኪና አደጋ ሞተ። አውስትራሊያዊው ካርተር ፌደረርን ከትንሽነቱ ጀምሮ በባዝል ክለብ ይዞ ያሠለጠነው ሰው ነው። ያ የሚያምረው የአንድ እጅ ባክሃንድ ምቱ በእሱ እጅ የተቀረጸ ነው። የእናቱን አገር ሄዶ እንዲያይ ካርተርን ያደፋፈረው ራሱ ፌደረር ነበር። ይህ ጸጸት ለሰው ቀርቶ ለድንጋይም ይከብዳል። መርዶውን የሰማው ለውድድር በሄደበት ቶሮንቶ ነው። ከዚያ በፊት እንዲህ ያለ የቅርብ ሰው ሞቶበት አያውቅም።

አንዳንድ ሐዘን ሰውን ይሰብራል፤ አንዳንዱ ደግሞ ያበስላል። ከአሥራ አንድ ወር በኋላ፣ በጁላይ 2003፣ ፌደረር የመጀመሪያውን የዊምብልደን ዋንጫ አነሣ። ማርክ ፊሊፖሲስን አሸንፎ ዓለም ሁሉ እያየው አለቀሰ። የካርተርንም ውለታ አልረሳም። የአሠልጣኙን ወላጆች በየዓመቱ ወጪያቸውን ችሎ ለአውስትራሊያ ኦፕን ይጋብዛቸው ነበር። በ2019 አንድ ጋዜጠኛ ስለ ካርተር ሲጠይቀው፣ ከአሥራ ስድስት ዓመት በላይ አልፎም ቃል አጥቶ አለቀሰ። እኛ ለሟች ተዝካር እናወጣለን። ይህም ሰው በራሱ መንገድ ያወጣ የነበረው ተዝካር ነው።

ከዚያ በኋላ የመጡት ዓመታት ወርቃማ ዘመኑ ናቸው። በሜዳ ውስጥ ፊቱ እንደ ረጋ ውሃ ነው፤ ላቡ እንኳ የሚታይ አይመስልም። ሰዎች «ምንም ሳይለፋ ይጫወታል» ይሉ ጀመር። እሱ ግን በ2024 አሜሪካ በሚገኘው ዳርትማውዝ ኮሌጅ ለተመራቂዎች ባደረገው ንግግር ይህን አባባል ተረት ነው አለው። ያ እርጋታ ከዓመታት ልፋት በኋላ የመጣ እንደሆነ ነገራቸው። አንድ ስሌትም አስከተለ። ካደረጋቸው 1,526 የነጠላ ጨዋታዎች 80 በመቶ የሚሆነውን አሸንፏል። ከተጫወታቸው ነጥቦች ግን ያሸነፈው 54 በመቶውን ብቻ ነው።

ይህን ቁጥር ደጋግሜ አሰብኩት። በዘመኑ ገናና የነበረ ሰው ከመቶ ነጥብ አርባ ስድስቱን ተሸንፏል። በልጅነቱ እንዳደረገው በእያንዳንዷ ቢያዝንና ቢናደድ ኖሮ ሁለተኛው ሴት ሳይደርስ ባለቀ ነበር። ስለዚህ እንባውን አልገደለውም፤ ቦታ ለየለት። ኳስ በአየር ላይ እያለች ለእንባ ጊዜ የለም። ኳስ ስትቆም፣ ዳኛው ውጤቱን ሲናገር፣ ያን ጊዜ ሰው ሰው ይሆናል።

በ2006 በአውስትራሊያ ኦፕን፣ ሜልቦርን ላይ፣ አንጋፋው የቴኒስ ሰው ሮድ ሌቨር ዋንጫውን ሲያስረክቡት በደስታ አለቀሰ። እዚያው ሜልቦርን በ2009 ግን እንባው ሌላ ነበር። በናዳል በአምስት ሴት ተሸንፎ ማይክሮፎኑን ቢይዝም ንግግሩን መጨረስ አቃተው። ባለድሉ ናዳል ዋንጫውን ተቀብሎ ሲያበቃ ሄዶ አንገቱን አቀፈው። ፌደረርም ራሱን አሰባስቦ ተመለሰና ላሸነፈው ሰው የሚገባውን ምስጋና ሰጠ። በጊዜው ይህን እንባ እንደ ድክመት የቆጠሩበት ብዙዎች ነበሩ። በዚያው ዓመት ጁን ላይ ግን ለዓመታት እምቢ ያለውን የፈረንሳይ ኦፕን ዋንጫ ወሰደ። በጁላይ ደግሞ ዊምብልደን ላይ አንዲ ሮዲክን በአምስተኛው ሴት 16 ለ 14 አሸንፎ የሳምፕራስን የ14 ዋንጫ ክብረ ወሰን አለፈ። ሳምፕራስም ተመልካች መቀመጫ ላይ ሆኖ ያየው ነበር። በጃንዋሪ 2017፣ ከጉልበት ቀዶ ሕክምናና ከስድስት ወር እረፍት በኋላ፣ በ35 ዓመቱ እንደገና ሜልቦርን ተመለሰ። በአምስተኛው ሴት 3 ለ 1 ሲመራ የነበረውን ናዳልን ቀልብሶ አሸነፈ። በአደባባይ ያለቀሰ ሰው ተመልሶ መቆም አያቅተውም።

ከሁሉ የሚያሳዝነው ሽንፈቱ የ2019 የዊምብልደን ፍጻሜ ነው። ከጆኮቪች ጋር ወደ አምስት ሰዓት ገደማ ተጫውቶ፣ በራሱ ሰርቭ ሁለት የማሸነፊያ ነጥብ አግኝቶ፣ ሁለቱንም አጣቸው። በጠቅላላ ነጥብ 218 ለ 204 በልጦ ዋንጫውን አጣ። ለዚያ ሽንፈት ቁጥርም አያጽናናም። በ2021 እዚያው ዊምብልደን በፖላንዳዊው ሁርካች ሲሸነፍ የመጨረሻው ሴት 6 ለ 0 ነበር። ከዚያ በኋላ ቀኝ ጉልበቱ ለሦስተኛ ጊዜ ቀዶ ሕክምና ተደረገለት፤ ወደ ነጠላ ጨዋታም አልተመለሰም።

ለእኛም የሚነገር አንድ ነገር አለው። በ22 ዓመቱ የመሠረተው በጎ አድራጎት ድርጅት በእናቱ አህጉር ላይ ያሉ ሕፃናትን ትምህርት ይደግፋል። በ2010 የአውስትራሊያን ዋንጫ ባነሣ በጥቂት ሳምንታት ውስጥ ኢትዮጵያ መጥቶ ኮሬ ሮባ የሚገኘውን ድርጅቱ የሚረዳውን ትምህርት ቤት ጎብኝቷል። ዋንጫ በያዘ ማግሥት ከሕፃናት ጋር መቀመጥ የሚወድ ሰው፣ በልጅነቱ ያለቀሰውን ልጅ ያልረሳ ሰው ይመስለኛል።

ሰኞ ጠዋት ልጄን ከትምህርት ቤት በፊት ጠርቼ ያን ፎቶግራፍ አሳየሁት። «እነዚህ ሰዎች ለምን ያለቅሳሉ?» አለኝ። «አንዱ የሚወደው ነገር ስላበቃበት ነው፤ ሌላው ደግሞ ጓደኛው ስላለቀሰ» አልኩት። ትንሽ አሰበና «ተሸንፈው ነው?» አለ። «አዎ፣ ያን ቀን ተሸንፈዋል» አልኩት። ከዚያም እሑድ ለተናገርኩት ነገር ይቅርታ ጠየቅሁት።

ወንድሞቼ፣ አባቶች፣ ልጃችሁ ጨዋታው ሳያልቅ ቢነጫነጭ ምከሩት፤ ራኬት ቢወረውር ቅጡት፤ መጋረጃ ቢቀድ ሽንት ቤት ያጽዳ። ጨዋታው አልቆ፣ ታግሎ፣ ተሸንፎ ቤት ገብቶ ሲያለቅስ ግን «ወንድ ልጅ አያለቅስም» አትበሉት። ናዳል ፌደረርን እንዲህ አላለውም። አጠገቡ ተቀመጠና እጁን ያዘው።