የቤት ኤሊ ሙቀት ከወቅት ወቅት
ኤሊ በሕይወት ለመቆየት የሚያስፈልጋትን ሙቀት የምታገኘው ከአካባቢዋ ነው። ከኢትዮጵያ እስከ ደቡብ አፍሪካ የምትገኘው፣ ቅርፊቷ እንደ ነብር ቆዳ የተዥጎረጎረው የየብስ ኤሊ ደግሞ የብርዱን ወራት ተኝታ አታሳልፍም። ስለዚህ አውሮፓን በመሰለ ቀዝቃዛ አገር ቤት ውስጥ ስትያዝ ዓመቱን ሙሉ ማሞቂያ ያስፈልጋታል።

የማደሪያዋ አንዱ ጫፍ ሞቃት፣ ሌላው ቀዝቀዝ ያለ ይሁን። በሞቃቱ ጫፍ በሚሰቀለው የማሞቂያ መብራት ሥር ከ32 እስከ 35 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ይበቃል፤ የሚለካውም በጀርባዋ ከፍታ ነው። ብርድ ሲገባ ክፍሉ ስለሚቀዘቅዝ ያው አምፖል ያንኑ ሙቀት አይሰጥም። ያን ጊዜ ዋቱ ከፍ ያለ አምፖል ይገባል፤ ለሌሊቱም ብርሃን የማይሰጥ የሴራሚክ ማሞቂያ ከቴርሞስታት ጋር ይገጠማል። ሞቃቱ ወር ሲመጣ ዋቱ ይቀነሳል፤ ከልክ ያለፈ ሙቀት ከቅዝቃዜ ይልቅ ፈጥኖ ይገድላልና።

በመስኮት መስታወት በኩል የሚገባ ፀሐይ ለአጥንትና ለቅርፊት የሚያስፈልገውን አልትራቫዮሌት ጨረር አያደርስም፤ ለእሱ የተለየ መብራት ይተከላል።

ቀኑን ሙሉ ከመብራቱ ሥር የማትነሳ ኤሊ በርዷት ይሆናል፤ ከቀዝቃዛው ጥግ የማትወጣ ሞቋት ይሆናል። ቴርሞሜትር በሁለቱም ጫፍ አኑሮ ወቅት በተለወጠ ቁጥር መመልከት የአሳዳጊዋ ግዴታ ነው።