ሰው ሲሞት ይግባኙ አብሮ አይቀበርም

ሰሞኑን በውስጥ መስመር ደጋግሞ የሚደርሰኝ ጥያቄ አለ፤ «አባታችን ይግባኝ ላይ እያለ አረፈ፣ መዝገቡ ምን ይሆናል?» የሚል። ለእያንዳንዱ ለየብቻ ከምመልስ እዚሁ ልጻፈው ብዬ ነው።

አጭሩ መልስ፦ መብቱ ከሰውየው ጋር የሚቀር ካልሆነ በስተቀር ክርክሩ ይቀጥላል። በ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ ቁጥር 826 መሠረት ሰው ሲሞት ውርሱ ይከፈታል፤ በሞት ከሚቋረጡት በቀር መብቱም ግዴታውም ለወራሾቹ ይተላለፋል። የቤት፣ የብድር፣ የውል ክርክር ይተላለፋል። የፍቺ ጥያቄ ግን አይተላለፍም፤ ጋብቻውን ሞት ራሱ አፍርሶታልና። የንብረቱ ጉዳይ ግን ከወራሾች ጋር ይቀጥላል።

ይኼን ክፍል ውስጥ ማስተማር ቀላል ነው። ከባድ የሚሆነው እቤት ሲመጣ ነው።

አጎቴ ላበደሩት ገንዘብ ተፈርዶላቸው፣ ተበዳሪው ይግባኝ ብሎባቸው፣ መልስ ሰጪ ሆነው ሳለ አረፉ። ባለቤታቸው «እሱ ከሌለ ክርክሩ ለማን ነው? አብሮት ይቀበር» አሉ። ልጆቹ ደግሞ «ጠበቃ አለን እኮ፣ እሱ ይጨርሰዋል» አሉ።

ሁለቱም አይሆንም። መልስ ሰጪ ሲሞት ይግባኝ ባዩ ወራሾቹ እንዲተኩለት ያመለክታል፣ መጥሪያም ይደርሳቸዋል። ዝም ካሉ ጉዳዩ በሌሉበት ይታያል፤ በእጅ ያለው ፍርድም ሊሻር ይችላል። ጠበቃውም ቢሆን፣ ሌላ ስምምነት ከሌለ፣ ውክልናው ወካዩ ሲሞት ያበቃል። መሞታቸውን ለችሎቱ አሳውቆ ከወራሾቹ አዲስ ውክልና መቀበል አለበት።

ወራሾቹ እነማን ናቸው? ይኼን የሚመልሰው ቁጥር 996 ላይ ያለው የወራሽነት የምስክር ወረቀት ነው። አዲስ አበባ ላይ የሚሰጡት የከተማው ፍርድ ቤቶች ናቸው። የሞት ማስረጃ ይዛችሁ፣ ምስክር ቆጥራችሁ ትቀርባላችሁ። ሥራው የወረቀት ይመስላል፤ እኛ ቤት ግን ሁሉም ነገር የቆመው እዚህ ላይ ነበር።

አጎቴ ከጋብቻቸው በፊት የወለዷት ልጅ አለች። ስሟ እቤት ውስጥ አይነሳም። «እንዝለላት፣ ማን ያውቃል?» ያለም ነበር። ሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 36 ላይ ከጋብቻ ውጭ የተወለደ ልጅ በጋብቻ ከተወለደው እኩል መብት እንዳለው ይናገራል። ነገ መጥታ የምስክር ወረቀቱን ብታሰርዝ ማን ምን ይላታል? ከሕጉም በፊት ደግሞ፣ አባቷ ናቸው የሞቱት።

ባለቤታቸውም የደነገጡበት ነገር ነበር፤ ኑዛዜ ከሌለ በእኛ ሕግ ሚስት የባሏ ወራሽ አይደለችም። ይኼ ማለት ግን ባዶ እጇን ትቀራለች ማለት አይደለም። ብድሩ የተሰጠው ከጋራ ንብረት ስለሆነ ግማሹ ቀድሞውንም የራሳቸው ነው። እሱን ሳስረዳቸው ረጅም ጊዜ ዝም ብለው ቆዩና «እንግዲያ ልጅቷንም ጥሯት» አሉ። መጣች። አዲሱን ውክልና ከወንድሞቿ ጋር አብራ ፈረመች። ይግባኙ ገና አልተወሰነም።

ሌላው፣ ፍርድ ተሰጥቶ ይግባኝ ሳይባል ሰው ካረፈ ቀን ቁጠሩ። በ1958ቱ የሥነ ሥርዓት ሕግ ቁጥር 323 የይግባኝ ጊዜው 60 ቀን ነው። ፍርዱ በተሰጠ ሰሞን ሰው ቢሞት፣ የአርባው ተዝካር ሲወጣ የሚተርፈው 20 ቀን ገደማ ነው። የወራሽነት ማስረጃውም የሚወጣው በዚያችው ጊዜ ውስጥ ነው። ቀኑ ካለፈ በበቂ ምክንያት ማስፈቀድ ይቻላል፤ የጠበቃ ቸልተኝነት ግን እንደ በቂ ምክንያት አይቆጠርም።

ስለዚህ ሐዘን ቤት ስትቀመጡ ከመካከላችሁ አንድ ሰው ሁለት ነገር ይጠይቅ፦ «ሟቹ ፍርድ ቤት የተከፈተ መዝገብ ነበራቸው? ቀጠሮው መቼ ነው?» ነውር አይደለም። መዝገቡ ራሱ አይሞትም፤ የሚገድለው የእኛ ዝምታ ነው፤ አንዳንዴም የአንዷን ስም ላለመጥራት የምንዘመው ዝምታ።

ያዘናችሁትን እግዜር ያጽናችሁ። ጥያቄ ያለው ከታች ይጻፍልኝ፤ ለሚጠቅመው ሰውም አድርሱልኝ።