መካኒሳ ያለው የጭቃ ቤት

በዕረፍት ቀን ልጆቹን ወይም የልጅ ልጆቹን የት እንደሚወስድ ለቸገረው ሰው መካኒሳ የሚገኘውን ዞማ ሙዚየም እጠቁማለሁ። ዞማ ሲባል ብዙዎቻችን ለስላሳ ፀጉር ነው የሚታየን። ስያሜው ግን በካንሰር ሕመም በወጣትነታቸው ላረፉ አንድ ሠዓሊ መታሰቢያ ነው። ሙዚየሙን ያቋቋሙት ሠዓሊ ኤልያስ ስሜና የዐውደ ርዕይ አዘጋጇ መስከረም አሰግድ ሲሆኑ፣ አሁን ባለበት ቦታ ለሕዝብ የተከፈተው በ2011 ዓ.ም. ነው።

ወደ ግቢው ስትገቡ ከሥዕሉ በፊት ቤቱን እዩት። ግድግዳው በጭቃና በጭድ የተመረገ ነው። ጭቃው ከጭድ ጋር ተቦክቶ እንዲሰነብት ይደረጋል፤ ጭዱ ሲበሰብስ ጭቃው እንደ ሊጥ ይያያዛል፣ ሲደርቅም ቶሎ አይሰነጠቅም። ይህን አያቶቻችን ጠንቅቀው ያውቁት ነበር። ልዩነቱ እዚህ ልስኑ ራሱ ሥዕል መሆኑ ነው፤ የተጠማዘዘው፣ ያበጠው፣ የተሰመረው ሁሉ ዓይን ይስባል። በጤና ሥራ ላይ ሳለሁ ጭቃ ቤት ስገባ የሚያስጨንቀኝ የመስኮት ማጣቱና ጭሱ ነበር እንጂ ጭቃው አልነበረም። እዚህ ብርሃን እንደ ልብ ይገባል።

የልጅ ልጄ ግድግዳውን በጣቷ እየዳሰሰች፣ «እማማ ያደጉት እንዲህ ያለ ቤት ውስጥ ነው?» አለችኝ። እማማ የምትላቸው እናቴን ነው። አዎ አልኳት፤ ማን ምርጊቱን ይመርግ እንደነበር፣ ሰፈሩ ለደቦ እንዴት ይወጣ እንደነበር ነገርኳት። እስከዚያ ቀን ጠይቃኝም አታውቅ። ብዙዎቻችን በጭቃ ቤት ማደጋችንን ለልጆቻችን አንናገርም፤ እንደ ድህነት ብቻ እንቆጥረዋለን። ሙያውን የሚያውቁት ሽማግሌዎች ደግሞ በየጊዜው እያለፉ ነው፤ እነሱ ሳሉ መጠየቅ ይሻላል።

ኤልያስ በአንድ የሥራ ዘርፍ የሚወሰን ሰው አይደለም። አሮጌ ቁልፍ በጨርቅ ላይ ይሰፋል፣ ሙዚየም ይገነባል። ከመርካቶ የሚገዛውን የተጣለ የኤሌክትሪክ ሽቦና የኮምፒውተር ውስጠኛ ክፍል እየጠለፈና እየገጣጠመ የሚሠራቸው ትልልቅ ሥራዎች ከሩቅ ሲታዩ ከአውሮፕላን የሚታይ እርሻ ይመስላሉ። የሠራቸው ዙፋኖችም እ.ኤ.አ. በ2009 ሎስ አንጀለስ ውስጥ ፒተር ሴላርስ ባዘጋጀው «ኦዲፐስ ሬክስ» መድረክ ላይ ወጥተዋል። ልጆች ይህን አይተው ቤት ሲመለሱ አሮጌ ስልክ ልፈታ ማለታቸው አይቀርም። አትፍቀዱላቸው፤ ውስጡ እንደ እርሳስ ያሉ መርዛማ ብረቶች ይኖራሉ። ቁልፍ፣ ክርና ቁራጭ ጨርቅ ስጧቸው።

ስትሄዱ ለልጆቹ ቢቆሽሽ የማያሳዝን ጫማ አድርጉላቸው። ጉልበት የሚያማችሁ ከዘራችሁን አትርሱ፤ መሬቱ ወጣ ገባ ነው።