ስሙ ያልተጠራ ኃጢአት

ዳዊት ምን እንዳጠፋ እናውቃለን። የኦርዮን ሚስት ወሰደ፣ ኦርዮን አስገደለ፣ ነቢዩ ናታንም መጥቶ ፊት ለፊት ነገረው። እኛ መዝሙር 50 ብለን የምንደግመው፣ እንግሊዞች 51 ብለው የሚቆጥሩት ልመና የመጣው ከዚያ ደም ነው። ያንኑ ልመና በግጥም በራሷ አፍ ያደረገችው አን ሎክስ ምን በድላ ነው?

አን የለንደን ነጋዴ ሚስት ነበረች። በንግሥት ሜሪ ዘመን ፕሮቴስታንቶች በእሳት ሲቃጠሉ፣ ሰባኪው ጆን ኖክስ በደብዳቤ ደጋግሞ ወደ ጄኔቫ ጠራት። እ.ኤ.አ. በ1557 ባሏን ለንደን ትታ ሁለት ሕፃናት ይዛ ሄደች። በደረሰች በቀናት ውስጥ ሴቷ ልጅ ሞተች። እዚህ ላይ ስደርስ ሁልጊዜ ግጥሙን ትቼ ከእናትየው ጋር እቀራለሁ። የሰው አገር፣ ገና ያልተፈታ ጓዝ፣ አጠገቧ የሌለ ባል። ለዚች ሕፃን ሲባል ተሰደድን ብላ ይሆን? ወይስ በኔ ስደት ሞተች ብላ? በግጥሞቹ ውስጥ ልጅቷን የሚያነሣ አንድ ስንኝ የለም።

ሜሪ ሞታ ኤልሳቤጥ ስትነግሥ አን አገሯ ገባች። በ1560 የጄኔቫው ሰባኪ ካልቪን በንጉሥ ሕዝቅያስ ሕመም ላይ የሰበከውን ተርጉማ ስታሳትም፣ ከኋላው ሶኔት የሚባሉ ባለ 14 ስንኝ 26 ግጥሞች ተከተሉ። አምስቱ መግቢያ ናቸው፤ 21ዱ መዝሙሩን ቁጥር በቁጥር ይከተላሉ። በእንግሊዝኛ የመጀመሪያው የሶኔት ድርድር ይህ ነው። የገጣሚው ፊሊፕ ሲድኒ የፍቅር ሶኔቶች እንኳ የታተሙት በ1591 ነው።

በመግቢያው ተስፋ መቁረጥ እንደ ከሳሽ ይቆምባታል። ዓይኗ ታውሮ ትዳብሳለች፤ የምሕረት ፍርፋሪ ትለምናለች። የበደሏ ስም ግን እስከ መጨረሻው አይጠራም። ከዳዊት ልመና ይልቅ የሷ ልቤን የሚነካው በዚህ ነው። ስሙ የተጠራ ኃጢአት የባለቤቱ ብቻ ነው፤ የሷ ንስሓ ግን የቀረበውን ሁሉ ያስገባል። ሴት በአደባባይ እንዳትናገር በምትከለከልበት ዘመን፣ ማረኝ የምትልን ሴት ዝም በይ የሚል አልነበረም፤ እሷም በዚያች በር ገብታ ታላቅ ግጥም ጻፈች።

መጽሐፉ ላይ የሰፈረው ሙሉ ስሟ ሳይሆን «ኤ. ኤል.» የሚሉ ሁለት ፊደላት ናቸው። ግጥሞቹንም ከወዳጅ እንደ ተቀበለቻቸው፣ ወዳጇም እንዳሻት ብታደርጋቸው እንደማይከፋው ጽፋለች። በዚህ ቃል የተነሣ አንዳንድ ምሁራን ደራሲነቷን ይጠራጠራሉ። እኔ ግን ይህን ያህል የምትደፍረው ወዳጅ ራሷ ናት፣ ግጥሞቹም የሷው ናቸው ባይ ነኝ።