ስም የሚጠራ ድምፅ

ራግቢ ብዙም አይገባኝም። ኳሱ እንቁላል እንደሚመስል፣ በእጅ ወደ ፊት ማቀበል ክልክል እንደሆነ አውቃለሁ፤ ከዚያ በላይ አትጠይቁኝ። አንድ የራግቢ ቪዲዮ ግን ደጋግሜ አያለሁ። እንዲያውም እሰማለሁ ብል ይሻላል።

እ.ኤ.አ. ጃንዋሪ 27 ቀን 1973፣ ካርዲፍ። ባርባሪያንስ የሚባለው ቡድን ከኒውዚላንድ ጋር ይጫወታል። ጨዋታው በተጀመረ በደቂቃዎች ውስጥ ኳሷ ከባርባሪያንስ ጎል አካባቢ ተነስታ፣ ከእጅ ወደ እጅ እያለፈች ሜዳውን ታቋርጥና ጋሬዝ ኤድዋርድስ ጋ ትደርሳለች። እሱም ጥግ ላይ ይዟት ይወድቃል፤ ነጥብ! ይህን የሚያስተላልፈው ድምፅ የክሊፍ ሞርጋን ነው።

ሞርጋን በ1930 የተወለደው በዌልስ የከሰል አገር፣ ሮንዳ ሸለቆ ነው። አባቱ ማዕድን ቆፋሪ ነበር። ለዌልስ 29 ጊዜ ተሰልፏል፣ በ1956 አምበል ሆኗል። በ1958 ጫማውን ሰቀለ፤ ከዚያ ቢቢሲ ገባ። በ1972 ግን ስትሮክ መታው። ሰውነቱ አልታዘዝ አለ፣ አንደበቱም ተያዘ። ካርዲፍ ላይ ማይኩን የያዘው በማግስቱ ዓመት ነው፤ ያውም ዋናው ኮሜንታተር ቢል ማክላረን ስለታመመ።

አባዬን ስትሮክ ከመታው ሦስት ዓመት ሆነው። ዕድሜውን ሙሉ ጂኦግራፊ ያስተማረ ሰው፣ ዛሬ ጨው ሲፈልግ «ያ… ያ ነጩ» ይላል። ነገሩን ያውቀዋል፣ የጠፋበት ስሙ ነው። በእኛ በፕሮግራመሮች ቋንቋ፣ ዳታው አለ፣ የተሰረዘው አድራሻው ነው።

ለዚህ ነው ቪዲዮውን ፍጥነቱን ቀንሼ የሰማሁት። ሞርጋን ብዙ አያብራራም። ኳሷ እጅ በቀየረች ቁጥር ስም ይጠራል፤ መሀል ላይ አንድ ሁለት የአድናቆት ቃል ጣል ያደርጋል። የኮሜንታተር ሥራ ስምን ሳይዘገዩ ማግኘት ነው። ስትሮክ ከብዙ ሰው የሚወስደውም እሱኑ ነው።

እዚህ ላይ «ተስፋ አትቁረጡ» ብዬ ብጨርስ ደስ ባለኝ። ታሪኩ ግን ይቀጥላል። ሞርጋን ለዓመታት የቢቢሲ ቴሌቪዥንን የውጭ ስርጭት ክፍል መራ፣ በሬዲዮም ተወደደ። በስተርጅና ካንሰር ያዘውና ማንቁርቱ ወጣ። ይሄኛው ድምፅ አልተመለሰም። በ2013፣ በ83 ዓመቱ አረፈ።

ስለዚህ አባዬን «እሱ ተናግሯል፣ አንተም ትናገራለህ» አልለውም። ቪዲዮውን ግን አብረን እናያለን። የሞርጋን ድምፅ ተቀድቷል፤ የአባዬ የክፍል ውስጥ ድምፅ ግን የትም የለም። ከመታመሙ በፊት ቴሌግራም ላይ የላከልኝ አንድ የድምፅ መልእክት ብቻ ቀርቶኛል። ሦስት ቦታ ባክአፕ አድርጌዋለሁ። «ስትመጣ ዳቦ ያዝ፣ ከአስፋልት ማዶ ካለው ቤት፣ እዚህ ታች ያለው ይደርቃል» ይላል።