የአስማተኛው ሎሌ

ሰው ሎሌ ሲያሳድር አስቀድሞ ሥራውን፥ ቀጥሎም የሎሌውን ጠባይ፥ በመጨረሻም የራሱን ጠባይ መመርመር ይገባዋል። ይህ ሦስተኛው ምርመራ ብዙ ጊዜ ይረሳል። ቍጡ ጌታ ቍጡ ሎሌ ቢያሳድር ቤቱ ከክስ አይለይም፤ ፈሪ ጌታም ፈሪ ሎሌ ቢያሳድር በሩን የሚጠብቅለት አያገኝም። ይህንን በችሎት ጸሓፊነቴ ከመዝገብ ብዙ ጊዜ አይቼዋለሁ። ዳሩ ግን ነገሩን አጥርቶ ያስረዳኝ መዝገብ ሳይሆን የታናሽ እኅቴ ልጅ በኮምፒዩተር የሚጫወተው አንድ ጨዋታ ነው።

ጨዋታው ኤቨርክዌስት ይባላል። እንደ ኤውሮፓውያን አቈጣጠር በ1999 ዓመት፥ በማርች 16 ቀን በአሜሪካ አገር ወጥቶ፥ እነሆ ከ25 ዓመት በላይ ሲጫወቱት ይኖራል። በልዩ ልዩ አገር የተቀመጡ ሰዎች በኢንተርኔት እየተገናኙ፥ ኖራዝ በምትባል የልቦለድ ዓለም ውስጥ ይዘዋወራሉ። እያንዳንዱም የወደደውን ሥራ ይመርጣል፤ አንዱ ጦረኛ፥ አንዱ ካህን፥ አንዱ ሌባ፥ አንዱም አስማተኛ ይሆናል። አስማተኛው ለብቻው ደካማ ነው፤ የሚለብሰውም ጨርቅ እንጂ ጥሩር አይደለም። ኀይሉ ሁሉ ከሚጠራው ሎሌ ላይ ነው።

አስማተኛ የሚለው ቃል ግን በቤታችን ክርክር አስነሣ። ልጁ አባቱ በሞት ከተለየው ወዲህ ከእናቱ ጋራ በእኔ ቤት ይኖራል። ታላቅ እኅቴ ይህን ሰምታ መጣችና፦ «ወንድሜ፥ አንተ ዳዊት ደግመህ ያደግህ ሰው ሳለህ፥ ልጁ በቤትህ ጋኔን ጎታች ሲሆን ዝም ትላለህን?» አለችኝ። እኔም ግራ ቀኙ ሳይሰማ ፍርድ የሚጻፍበት መዝገብ አላውቅምና፥ ልጁን አስፈቅጄ በአጠገቡ ተቀመጥሁ። ብዙ ማታም ከተመለከትሁ በኋላ፥ እኔም በራሴ ስም አንድ አስማተኛ አቆምሁ።

ነገሩን ስመረምረው እንዲህ ሆኖ አገኘሁት። በ2004 ዓመት የወጣው ወርልድ ኦፍ ዋርክራፍት የሚባለው ጨዋታ፥ ዋርሎክ ለሚሉት ሠራተኛ በእርግጥ አጋንንትን ሎሌ አድርጎ ይሰጠዋል። በኤቨርክዌስትም ውስጥ አፅም የሚያስነሣ ሌላ ሥራ አለ። አስማተኛው ግን የሚጠራው መሬትን፥ ውሃን፥ ነፋስንና እሳትን ነው። በአንዱም በሌላውም የሚመጣው በሒሳብ የተሠራ ሥዕል እንጂ መንፈስ አይደለም፤ ቢሆንም ለልጅ የስሙ ምርጫ ራሱ ትርጉም አለውና፥ ወላጅ ወሬ ሰምቶ ከመፍረድ ዐይቶ ቢለይ ይሻላል።

በቄስ ትምህርት ቤት ሳለሁ፥ ሰው ከአራቱ ባሕርያተ ሥጋ፥ ከነፋስ፥ ከእሳት፥ ከውሃና ከመሬት እንደ ተፈጠረ፥ ሦስቱም ባሕርያተ ነፍስ፥ ልባዊነት፥ ነባቢነትና ሕያውነት እንደ ተጨመሩለት ተምሬአለሁ። በኋላም በሚሲዮን ትምህርት ቤት፥ የጥንት የግሪክ ፈላስፎች እነዚህኑ አራቱን የነገር ሁሉ መሠረት ያደርጓቸው እንደ ነበር አነበብሁ። በጨዋታው አራቱ ተለያይተው እያንዳንዳቸው ለብቻቸው ሎሌ ይሆናሉ፤ ሦስቱ የነፍስ ባሕርያት ግን የሉባቸውም። ስለዚህ ማሰብ የጌታው ፈንታ ነው።

የመሬት ሎሌ ብዙ ቍስል ይችላል። ከዚህም በላይ ጠላቱን ባለበት ስፍራ ተክሎ የሚያስቀር ኀይል አለው። ይህ ትልቅ ነገር ነው፤ ለምን ቢሉ፥ በኖራዝ ካሉት ጠላቶች ብዙዎቹ ለሞት ሲቃረቡ ይሸሹና ሌሎችን በላይህ ይጠሩብሃል። የተተከለ ጠላት ግን መሸሽ አይችልም። ለብቻው የሚጓዝ ሰው መሬትን ቢመርጥ መልካም ነው።

የእሳት ሎሌ ጉልበቱ ብርቱ፥ ዕድሜው አጭር ነው። ጠላቱን በእሳት ይወረውረዋል፤ የሚመታውም ጠላት በመታው ቍጥር ራሱ ይቃጠላል። ዳሩ ግን ብዙ ቍስል አይችልምና ቶሎ ይወድቃል፤ እሱ በወደቀም ጊዜ ጠላቱ ፊቱን ወደ አስማተኛው ያዞራል። ከእሳት ወገን የሆነ ጠላትም ለእሳት በቀላሉ አይበገርም። እንግዲህ እሳት የሚጠቅመው ሌላ ጠንካራ ባልንጀራ ከፊት ቆሞ ጠላቱን ሲይዝ ነው።

የነፋስ ሎሌን ጠላት ብዙ ጊዜ ይስተዋል፤ እሱም በበኩሉ ጠላቱን ያደነዝዛል። ድግምት የጀመረ ጠላት በደነዘዘ ጊዜ ድግምቱ ይቋረጥበታልና፥ ነፋስ በአስማት በሚዋጉት ላይ ይመረጣል። የውሃ ሎሌ በመካከል ነው፤ በአንዱም ነገር ከሁሉ አይከፋም። የዕለቱ ሥራ ምን እንደሚሆን አስቀድሞ ያልታወቀ እንደ ሆነ እሱን የሚጠሩ አሉ።

ባሕርዩን ከመምረጥ በኋላም የአያያዙ ነገር አለ። መጀመሪያ፥ በታችኞቹ ደረጃዎች ሎሌ ለመጥራት ማላካይት የሚባል ትንሽ አረንጓዴ ድንጋይ ይከፈላል። በቀድሞው ሥርዓት አንዱ ጥሪ ብርቱ፥ ሌላው ደካማ ሎሌ ያመጣ ነበርና፥ ትዕግሥተኛው ደካማውን አሰናብቶ ሌላ ድንጋይ ከፍሎ እንደ ገና ይጠራል፤ ችኩሉ ግን የመጣለትን ይዞ ይወጣል። ሁለተኛ፥ አስማተኛው ጩቤ በአስማት አውጥቶ ለሎሌው ማስታጠቅ ይችላል፤ ሎሌን ባዶ እጁን ወደ ጦር መላክ በኖራዝም ነውር ነው። ሦስተኛ፥ አስማተኛው መንገድ ለማሳጠር ከከፍታ ቢዘል፥ ሎሌው አብሮ አይዘልም፤ ጌታውን ፍለጋ በዙሪያው መንገድ ሲሮጥ በዋሻው ያሉትን ጠላቶች ሁሉ አስከትሎ ይመጣል። ስለዚህ አስተዋይ ሰው ከመዝለሉ በፊት ሎሌውን ያሰናብታል፥ ከወረደም በኋላ አዲስ ይጠራል።

ልጁ ይህን ሁሉ ከእኔ አብልጦ ያውቃል፤ ያስተማረኝም እሱ ነው። ነገር ግን ለብቻው በሚጓዝበትም ጊዜ ሁልጊዜ እሳትን ይጠራ ነበር። እሳቱ ይወድቃል፥ ቀጥሎም እሱ ይወድቃል፤ ያገኘው ልምድ ይቀነስበታል፥ ሬሳውንም ፍለጋ ረጅም መንገድ ይመለሳል፥ ከዚያም እንደ ገና እሳትን ይጠራል። ይህ ከዕውቀት ማነስ እንዳልሆነ አይቼ፥ አንድ ማታ ምክንያቱን ጠየቅሁት።

ልጁም ዐይኑን ከመስኮቱ ሳያነሣ እንዲህ አለኝ፦ «ጋሼ፥ መሬት የተከለው ጠላት የሚመታው አጠገቡ የቆመውን ነው። መሬትን የጠራ ሰው ስለ ሎሌው አዝኖ ጠጋ ካለ እሱው ይመታል። ስለዚህ ራቅ ብሎ ቆሞ ሎሌው ሲመታ ማየት አለበት። እኔ ራቅ ብዬ መቆም አልወድም። አባባ ታሞ ሳለ ራቅ አድርገውኝ ነበር። ከእሳቱ ጋራ ግን ቢወድቅም አብረን ነው።»

አባቱ ሲታመም ልጁ የ10 ዓመት ልጅ ነበር። ዘመዶች ሕፃን የሞት መኝታ አይይ ብለው ወደ ሌላ ቤት ወስደውት፥ የተመለሰው ከቀብር በኋላ ነው። አሁን 14 ዓመቱ ነው፤ በእነዚህ በ4 ዓመቶች ውስጥ ስለዚህ ነገር አንድ ቃል ከአፉ ወጥቶ አያውቅም። እናቱ ረስቶታል ትል ነበር።

በዚያች ማታ ጨዋታው ተቋረጠ። እኔ በመጨረሻዎቹ ቀኖች ከአባቱ ራስጌ ስለ ነበርሁ፥ ያየሁትን ሁሉ ነገርሁት። በየማለዳው «ልጁ ደኅና አደረ ወይ? በላ ወይ?» እያለ ይጠይቅ እንደ ነበር፥ ያንኑ የትምህርት ቤት ደብተሩን ከትራሱ በታች አኑሮት እንደ ነበር ነገርሁት። ልጁ ደብተሩ የትኛው እንደ ነበረ ጠየቀኝ፤ የሒሳቡ ነው አልሁት። ከዚህ በኋላ አለቀሰ፤ እናቱም ድምፁን ሰምታ ከጓዳ መጣችና ሦስታችን እስኪመሽ ድረስ አብረን ተቀመጥን።

ታላቅ እኅቴም በሌላ ቀን መጥታ የጋኔኑ ነገር እንዴት ሆነ ብላ ጠየቀችኝ። ጋኔን አላገኘሁም፤ ኀዘን ግን አግኝቻለሁ አልኋት። እሷም ልጁን ከቤቷ ወስዳ ካቈዩት አንዷ ነበረችና ብዙ ዝም አለች፤ በማግሥቱም ልጁን ይዛው ወደ አባቱ መቃብር ሄደች።

እንግዲህ ለልጆች አሳዳጊዎች የምለው ይህ ነው። ልጅ በጨዋታ የሚመርጠው ሁሉ ምሥጢር አለው ማለቴ አይደለም፤ ብዙው ጨዋታ ጨዋታ ብቻ ነው። የሰዓቱም ልክ መወሰን አለበት፤ በእኛ ቤት ትምህርቱ ሳይጠና ማንም ወደ ኖራዝ አይገባም። ነገር ግን ልጁ የሚጎዳውን ነገር ዐውቆ ደጋግሞ ሲመርጥ ባየህ ጊዜ፥ ከመገሠጽህ በፊት ወንበር ሳብና በአጠገቡ ተቀመጥ፤ ከዚያም ምክንያቱን ጠይቀው።

ስለ ሎሌው ምርጫም ከልጁ ጋራ አንድ ስምምነት አድርገናል። አንድ አስማተኛ በአንድ ጊዜ ሁለት ሎሌ አይጠራም፤ ሁለት አስማተኞች ግን ሁለት ሎሌ አላቸው። አሁን ስንወጣ እኔ መሬትን እጠራለሁ፥ እሱ እሳትን ይጠራል። መሬቱ ጠላቱን ተክሎ ይይዛል፥ እሳቱም ያቃጥላል፤ ሁለታችንም ጎን ለጎን ሆነን ራቅ ብለን እንቆማለን።