የደከመ አእምሮ ለምን ከቤት አይወጣም?

ደብረ ታቦር አጠገብ ያለችው ጋፋት ስትነሳ ብዙ ሰው የሚያስበው አፄ ቴዎድሮስ ሴባስቶፖል የተባለውን መድፍ ያሠሩበትን ስፍራ ነው። እዚያ ላደግን ግን ከሁሉ በፊት የእግር መንገዷ ትዝ ይለናል። ደብረ ታቦር ገበያ የሚሄደው፣ እህል የሚያስፈጨው፣ ለቅሶ የሚደርሰው፣ ቤተ ክርስቲያን የሚሳለመው ሁሉ በእግሩ ነው። «አየር ልቀበል» ብሎ ከቤቱ የሚወጣ ገበሬ አላየሁም። ጉዳዩ ያስወጣዋል፤ ዓይኑም ሳያስበው ጉና ተራራ ላይ ያርፋል። እርግጥ ነው፣ ውሃ ተሸክማ ዳገት ለምትወጣ እናት መንገዱ እረፍት አይደለም፤ ይህን መርሳት ነውር ነው።

እዚህ አሜሪካ፣ ሲልቨር ስፕሪንግ፣ ውሎዬ ኮምፒውተር ፊት ነው። ሥራው ሲያልቅ ስልኩ ይተካል፦ የዕድር መልእክት፣ የአገር ቤት ዜና፣ ዩቲዩብ። ሮክ ክሪክ ፓርክ ቅርባችን ነው። እ.ኤ.አ. ከ1890 ጀምሮ የተጠበቀ ደን ነው፤ ከ2020 ወዲህ ደግሞ የላይኛው ቢች ድራይቭ ለመኪና ተዘግቶ ለእግረኛና ለብስክሌት ተለቋል። ይህ ሁሉ እያለ ቅዳሜ ሶፋ ላይ ያልፋል።

ስንፍና ነው የሚሉ አሉ፤ እኔ አልስማማም። የሚሺጋን ዩኒቨርሲቲ ተመራማሪዎቹ ሬቸልና ስቲቨን ካፕላን እንዳስረዱት፣ ትኩረትን አንድ ነገር ላይ አስገድዶ ማቆየት አእምሮን ያደክማል፤ ዛፍ፣ ውሃና ሰማይ ግን ሳያስገድዱ ስለሚስቡት ያሳርፉታል። እዚያው ዩኒቨርሲቲ ተሠርቶ እ.ኤ.አ. በ2008 የታተመ ጥናት ደግሞ ሰዎች በዛፍ መሀል አንድ ሰዓት ገደማ ሲራመዱ ቁጥሮችን ከኋላ ወደ ፊት አስታውሶ የመድገም ችሎታቸው እንደተሻሻለ አሳይቷል፤ መሀል ከተማ ሲራመዱ ግን ያን ያህል አልተለወጠም።

ጭንቁ ያለው ለመውጣት የሚወስነው ያው የደከመው አእምሮ መሆኑ ላይ ነው። ሰዓት መምረጥ፣ ልብስ መቀየር፣ የት እንደሚኬድ ማሰብ ሌላ ሥራ ይሆንበታል። ስልክ መክፈት ግን ምንም ውሳኔ አይጠይቅም፤ ስለዚህ ለማረፍ ብለን ወዳደከመን ነገር እንመለሳለን። ደብረ ታቦር ከተማም ዛሬ ወጣቱ ስልኩ ላይ ነው። ሆኖም ቡሄ ሲደርስ ልጆች ጅራፍ ለማጮህና ሆያ ሆዬ ለማለት መውጣታቸው አይቀርም። እኛ ያንኑ ቡሄ በስልክ እናየዋለን።

ወገኖቼ፣ መውጣትን ለቅዳሜ ስሜታችሁ አትተዉት፤ ከጉዳይና ከሰው ጋር እሰሩት። ወዳጃችሁን ቡና ከመጋበዝ በፊት ፓርኩ በር ላይ ቅጠሩት፤ የተቀጠረ ሰው አይቀርም። ልጆቻችሁንም ይዛችሁ ውጡ።